ከ‹አብድ› እስከ ‹እብድ›፦ የአንድ ቃል ታሪክ

የውስጥ ደዌ ሐኪም ነኝ። የአእምሮ ሕክምና ስፔሻሊስትም፣ የቋንቋ ሊቅም አይደለሁም። ሆኖም በሥራ ዘመኔ ሁሉ ሳይለየኝ የኖረ አንድ ቃል አለ። በሽተኛው በቃሬዛ ወይም በዘመድ ትከሻ ተደግፎ ድንገተኛ ክፍል ሲደርስ አስታማሚው ‹‹አበደብን›› ይላል። እኛ ያቺን ቃል ወዲያው ወደ እንግሊዝኛ መልሰን ካርድ ላይ እንጽፍና አማርኛዋን እንረሳታለን። መቼም ትምህርቱን በእንግሊዝኛ ስለተማርነው አይፈረድብንም። ነገር ግን ቃሉ እኛ ዘንድ ከመድረሱ በፊት ሥራውን ሠርቶ ጨርሷል። በሽተኛው መጀመሪያ የት እንደሚወሰድ፣ ይታሰር ወይም አይታሰር እንደሆነ፣ ስንት ቀን እንደሚዘገይ፣ ራሱ ‹‹እዚህ ጋ ያመኛል›› ቢል ይሰማ ወይም አይሰማ እንደሆነ፣ ይህን ሁሉ በአብዛኛው የወሰነው ያ ቃል ነው።

ለዚህ የዓመት መጽሐፍ የታሪክ ጽሑፍ እንዳዋጣ ስጠየቅ ስለ ሕንፃና ስለ ምረቃ ከመጻፍ ይልቅ የዚህን ቃል ታሪክ ላጫውታችሁ ብዬ አሰብኩ። ጎንደር ለተማረ ሰው ደግሞ ነገሩ ሩቅ አይደለም። ቅኔ ቤቱም፣ ዛሩም፣ የሕክምና ትምህርት ቤቱም ያሉት እዚያው አንድ ከተማ ውስጥ ነው። ‹እብድ› የሚለው ቃል ከጥንቱም የበሽታ ስም ብቻ አልነበረም፤ የፍርድ ቃልም ነበር። ፍርዱ ዛሬም አልለቀቀውም።

ዘይት ያልያዙት ሴቶች

ግዕዙ ‹አብደ› ይላል። ሰውየው ‹አብድ› ነው፤ ሲበዙ ‹አብዳን›፣ ሴቶች ሲሆኑ ‹አብዳት›። ፊደሉ አልፋው አ ነው። ብዙዎቻችን ‹ዕብድ› እያልን በዐይኑ ዐ እንጽፈዋለን፤ ያ ግን ሌላ ሥር ነው። ‹አብዱ› እና ‹አብዱላሂ› በሚሉት የዐረብኛ ስሞች ውስጥ ያለው፣ ትርጉሙ ‹አገልጋይ› የሆነው ቃል የሚጀምረው በዐይን ነው። የሁለቱ ዘር የተለያየ ነው።

‹አብድ› በግዕዝ መጻሕፍት ውስጥ ማንን ይጠራል? በመዝሙረ ዳዊት 13 እግዚአብሔርን በልቡ የካደው ሰው ‹አብድ› ተብሏል። በማቴዎስ ወንጌል ምዕራፍ 25 ሙሽራውን ሊቀበሉ ከወጡት ዐሥር ቆነጃጅት ውስጥ አምስቱ ‹አብዳት› ናቸው። ልብ በሉ፤ እነዚህ ሴቶች አልታመሙም። አልለፈለፉም፣ ልብሳቸውን አልጣሉም፣ ማንንም አልደበደቡም። ያጠፉት ነገር ቢኖር ለመብራታቸው መጠባበቂያ ዘይት አለመያዛቸው ነው። ማስተዋል ያለባቸውን ስላላስተዋሉ ቃሉ ተለጠፈባቸው፤ በሩም ተዘጋባቸው።

የአማርኛው መጽሐፍ ቅዱስ በእነዚህ ሁለት ቦታዎች ላይ ‹እብድ› አላለም። ‹ሰነፍ› ነው ያለው። ዛሬ ‹ሰነፍ› ሲባል ትዝ የሚለን ሥራ የማይወድ ሰው ወይም ፈተና የወደቀ ተማሪ ነው፤ በዚያ አማርኛ ግን ማስተዋል የጎደለው ማለት ነበር። እንግዲህ ሁለቱም ቃላት ከቦታቸው ተንቀሳቅሰዋል። ‹ሰነፍ› ወደ ሥራ ጠልነት ሄደ። የሞኝነቱን ድርሻ ‹ሞኝ›፣ ‹ቂል›፣ ‹ጅል› ተከፋፈሉት። ‹እብድ› ደግሞ ለታመመው ሰው ብቻ ቀረ። ሲቀር ግን አሮጌ ዕቃውን ይዞ ነው የቀረው፤ ‹‹ማስተዋል ሲችል ያላስተዋለ፣ ስለዚህ በሩ ቢዘጋበት የማይገርም›› የሚለውን ስሜት።

ግዕዙ ሕመሙን ጨርሶ አያውቀውም ማለቴ አይደለም። ቃሉ ሁለቱንም አንድ ላይ ይዞ ነበር። በመጽሐፈ ሳሙኤል ቀዳማዊ ምዕራፍ 21 ዳዊት ከሳኦል ሸሽቶ ጌት ከተማ ሲገባ፣ ንጉሡ እንዳይገድለው ብሎ ያበደ መሰለ። በሩ ላይ ተንፈራፈረ፣ ለሃጩን በጢሙ ላይ አዝረከረከ። ንጉሡም አመነው፤ እብድ ምን ያደርግልኛል ብሎ አሽከሮቹን ተቆጣ፤ ዳዊትም በሕይወት ወጣ። ማስመሰል የሚያዋጣው ደግሞ ተመልካቹ ምልክቱን አስቀድሞ ሲያውቀው ነው። ስለዚህ በዚያ ዘመንም እብደት የሚታወቅ መልክ ነበረው። ሌላም ነገር እዚያው እናያለን፤ አንድ ሰው እብድ ከተባለ በኋላ ማንም ሁለተኛ አይመረምረውም። ለዳዊት ይህ መዳኛው ሆነ። ለእኛ በሽተኞች ግን አብዛኛውን ጊዜ መጥፊያቸው ነው።

የሴም ቋንቋዎችን የሚያነጻጽሩ ሊቃውንት ከዚህ ሥር ጎን የሚያስቀምጧቸው ቃላት አሉ። በዕብራይስጥ ‹አባድ› ጠፋ ማለት ነው፤ የሳኦል አባት አህዮች ጠፍተው ሳኦል ሊፈልጋቸው የወጣ ጊዜ የተነገረው በዚሁ ቃል ነው። በዐረብኛ ‹አበደ› ስለ እንስሳ ሲነገር ከሰው ሸሽቶ ዱር ገባ፣ በረገገ ማለት ነው። እነዚህን ሳነብ ትዝ ያለኝ በየመንደሩ የምንሰማው አነጋገር ነው። ‹‹ልቡ ጠፋ›› እንላለን። ‹‹ቤቱን ጥሎ ዱር ለዱር ይሄዳል›› እንላለን። እንዲህ ስንል ሰውየውን ሞኝ አላልነውም። ጠፍቷል፣ ፍለጋ ይወጣለት እያልን ነው። የጠፋ ነገር ይፈለጋል፤ በሞኝ ላይ ግን ይሳቃል። ሁለቱ አነጋገሮች ያላቸው ልዩነት ቀላል አይደለም።

ትምህርት የበዛበት ልጅ

በሐዋርያት ሥራ ምዕራፍ 26 አገረ ገዡ ፊስጦስ ጳውሎስ ሲናገር ሰምቶ፣ የተማርከው ብዛት አሳበደህ የሚል ቃል ይወረውርበታል። እንግዲህ ‹‹ትምህርት አሳበደው›› የሚባለው ነገር የእኛ ግቢ ፈጠራ አይደለም። ያም ሆኖ የትኛውም ዓመት ገቢ ተማሪ ይህን ታሪክ ሳይሰማ አልተመረቀም። አንድ ጎበዝ ልጅ ነበር፣ ከክፍሉ አንደኛ፣ ሌሊቱን ሙሉ ሲያጠና ሲያጠና አንድ ቀን ‹‹ለቀቀ››፤ አሁን ከተማ ውስጥ ለብቻው እያወራ ይዞራል። ስሙ ይለያያል እንጂ ታሪኩ አንድ ነው።

ታሪኩ ሐሰት አይደለም፤ የተሳሳተው ምክንያቱ ነው። ስኪዞፍሬንያ አብዛኛውን ጊዜ የሚጀምረው በአሥራዎቹ ዕድሜ መጨረሻና በሃያዎቹ ውስጥ ነው። ያ ዕድሜ ደግሞ ልጁ ዩኒቨርሲቲ የሚገባበት ዕድሜ ነው። ሕመሙም መጽሐፉም በአንድ ጊዜ ስለሚመጡ ጥፋቱ ለመጽሐፉ ይሰጣል። ዕንቅልፍ ማጣትና ጫት ነገሩን ሊያባብሱት ይችላሉ፤ ትምህርቱ ግን አያሳብድም። ቤተሰብ ግን ‹‹ትምህርት በዛበት›› ካለ ዘንድ መድኃኒቱም በዚያው ይወሰናል፤ ከትምህርት አውጥቶ ቤት ማስቀመጥ። ልጁ ትምህርቱን ያጣል፤ ሕክምናውንም አያገኝም።

በቅኔ ቤትም ተመሳሳይ ወግ አለ፤ ዐብሾ። የቆሎ ተማሪ ትምህርት እንዲገባው፣ የሰማውን እንዳይረሳ የሚጠጣው መድኃኒት ነው ይባላል። መጠኑ ከበዛ ወይም ቆይቶ መጠጥ ከተጨመረበት ዐብሾው ‹‹ይነሣበታል››፤ ሰውየው ይቀባጥራል፣ ይቆጣል፣ ይዘላል። ዛሬም ቢሆን ሁለት ብርሌ ጠጅ ቀምሶ የሚለወጥ ሰው ‹‹ዐብሾ አለበት›› ይባላል። ከዚህ ወግ ጋር ስሙ የሚነሣ አንድ ተክል አለ፤ ባላገሩ ‹አስተናግር› ይለዋል፤ የሚያናግር፣ የሚያስቀባጥር ማለት ነው። ፋርማኮሎጂ የተማራችሁ ታውቁታላችሁ፤ ዳቱራ ነው። ፍሬው አትሮፒንና ስኮፖላሚን አለበት። አፍ ይደርቃል፣ ብሌን ይሰፋል፣ ልብ ይመታል፣ ቆዳ ይግላል፣ ሰውየው የሌለ ሰው ያናግራል። እኛ ከመማሪያ መጽሐፍ የሸመደድነውን ምልክት ባላገሩ በአንድ ቃል ስም አድርጎ አስቀምጦታል። የሕዝብ ቃል ሁሉ አጉል እምነት አይደለም። አንዳንዱ ጥሩ የሕክምና ምልከታ ነው።

ልብ፣ አእምሮ፣ ልክፍት

በእኛ ቋንቋ ማሰቢያው ጭንቅላት ሳይሆን ልብ ነው። ‹‹ልብ በል›› እንላለን፤ አስተዋዩ ሰው ‹ልባም› ነው። አምስቱ ዘይት የያዙ ቆነጃጅት በአማርኛው ‹ልባሞች› የተባሉት ለዚህ ነው። ‹አእምሮ› የሚለው ደግሞ ‹አእመረ› ከሚለው ግዕዝ የመጣ ነው፤ ዐወቀ ማለት ነው። ስለዚህ ‹አእምሮ› መጀመሪያ ራስ ቅል ውስጥ ያለ ዕቃ አልነበረም፤ ዕውቀት፣ ማወቅ ነበር። ዛሬ በየጤና ተቋሙ የምንጽፈው ‹የአእምሮ ሕመም› ቃል በቃል ሲፈታ የማወቅ ሕመም ነው። እኔ በበኩሌ ይህ ፍቺ ደስ ይለኛል፤ ሰውየው ማወቁ ታመመ እንጂ ሰውነቱ አልጎደለም።

የቀሩትን የሰፈር ቃላት ስትመለከቱ እያንዳንዱ ውስጥ አንድ የበሽታ ንድፈ ሐሳብ ተቀምጧል። ‹‹ነካ ያደርገዋል›› ስንል ከውጭ የመጣ እጅ ነካው ማለታችን ነው። ‹‹ለቀቀ›› ስንል የያዘው ነገር ተፈታ። ‹‹ወፈፍ ያደርገዋል›› ስንል ይመጣል ይሄዳል፤ ይህ ሕመሙ የሚመላለስ መሆኑን ያየ ሰው ቃል ነው። ‹‹ጨርቁን ጣለ›› ስንል የመጨረሻውን ደረጃ፣ የኀፍረትን ድንበር ማለፍን ነው የምንናገረው። ‹ቀወሰ› የሚለው እንኳ ‹ቀውስ› ሆኖ የኢኮኖሚና የፖለቲካ ቃል ሆኗል።

ከሁሉም የሚያሳስበኝ ‹ለከፈው› የሚለው ነው። ጋኔንም ይለክፋል፤ ውሻም ይለክፋል። ‹የእብድ ውሻ በሽታ› የምንለው ሬቢስ አንድ ጊዜ ምልክቱ ከታየ ሰውን አይምርም ማለት ይቻላል። ከታማሚው ምልክቶች አንዱ ደግሞ ውኃ መፍራት ነው፤ ሊውጥ ሲሞክር ጉሮሮው ስለሚኮማተር ውኃ ሲያይ ይርበተበታል። አሁን ይህን ሰው ጸበል ቦታ አስቡት። ውኃውን አይቶ ሲጮህና ሲሸሽ በዙሪያው ላሉት ሰዎች ሌላ ማስረጃ አያስፈልጋቸውም፤ የሸሸው ጋኔኑ ነው። ቃሉ አንድ ስለሆነ ሁለቱ ልክፍቶች ተቀላቀሉ። የሬቢስ መከላከያ ግን ያለው ከምልክቱ በፊት ነው፤ ቁስሉን ወዲያው በውኃና በሳሙና ለ15 ደቂቃ ያህል ማጠብ፣ ከዚያም ክትባት። ስለዚህ ‹‹ለከፈው›› ያለ ቤተሰብ ሲመጣ የምጠይቀው አንድ ጥያቄ ነው፤ ‹‹ምን ለከፈው? ባለፉት ወራት የነከሰው ውሻ ነበር?››

ስም ያለውና ስም የሌለው

ፈረንሳዊው ጸሐፊ ሚሼል ሌሪስ በ1932 እ.ኤ.አ. ከዳካር ጅቡቲ የጥናት ቡድን ጋር ጎንደር መጥቶ ወራት ተቀምጧል። በዚያ ጊዜ መልካም አያሁ የምትባል የዛር ባለሟል ቤት እየተመላለሰ ያየውን መዝግቧል፤ ኋላም በ1958 እ.ኤ.አ. ስለ ጎንደር ዛር መጽሐፍ አሳትሟል። በዛር ቤት አሠራር ታማሚው ‹እብድ› አይባልም፤ ዛር ያዘው ይባላል። ዛሩ ስም አለው፣ አገር አለው፣ ጠባይ አለው፣ የሚወደው ልብስና ቡና አለው። ይለመናል፣ ይደራደራል፣ ይታረቃል። ባለዛሩም ከሌሎች ባለዛሮች ጋር ማኅበርተኛ ይሆናል።

ዛር ሕክምና ነው ለማለት አይደለም ይህን ያነሣሁት፤ ብዙ ገንዘብና ብዙ ዕድሜ የጨረሰባቸው ሰዎች አይቻለሁ። ነገር ግን አስተውሉ። አንዲት ሴት ስትጮኽና ስትንቀጠቀጥ ጎረቤት ‹‹ዛሯ ነው›› ካለ ቡና ይፈላላታል፤ ‹‹አበደች›› ካለ ገመድ ይፈለጋል። ሕመሙ አንድ ሊሆን ይችላል፤ ዕጣዋ ግን ከቃሉ ጋር ይለያያል። ዛር ከአገር የወጡትንም ተከትሏል። እስራኤል የገቡ ቤተ እስራኤላውያንን የሚያክሙ የአእምሮ ሐኪሞች ዛርን በክሊኒካቸው አግኝተው ጽፈውበታል፤ የአሜሪካ የአእምሮ ሐኪሞች ማኅበርም በ1994 እ.ኤ.አ. ባወጣው አራተኛው የምርመራ መመሪያው ውስጥ ከባህል ጋር የተያያዙ ሕመሞች ዝርዝር ላይ ‹ዛር›ን በስሙ አስገብቶታል። ከጎንደር ጓዳ የወጣ ቃል ዓለም አቀፍ መመሪያ ውስጥ ገባ ማለት ነው።

ሕጋችንም ይህን ጉዳይ ተመልክቶታል። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ የአንድ ሰው እብደት ‹በግልጽ የታወቀ› የሚባለው መቼ እንደሆነ ሲደነግግ ከተማና ገጠርን ለይቷል። በአንድ በኩል ሰውየው በአእምሮው ሁኔታ ምክንያት ሆስፒታል ወይም ተቋም ውስጥ መግባቱን ያያል። በቁጥር 342 ደግሞ ነዋሪው ከ2,000 በታች በሆነ ቦታ፣ ቤተሰቡ ወይም አብረውት የሚኖሩት ሰዎች በአእምሮው ሁኔታ ምክንያት የሚጠብቁትና እንደ ልቡ እንዳይንቀሳቀስ የከለከሉት ከሆነ እብደቱ የታወቀ ነው ይላል። ሕጉ የአገሩን እውነት ነው የጻፈው፤ በገጠር ምርመራ የሚያደርግ ሐኪም አልነበረምና ማስረጃው የቤተሰቡ ጥበቃ ሆነ። እኔን ግን ያስተክዘኛል። ገመዱ መታሰሪያ ብቻ ሳይሆን ማስረጃም ነበር ማለት ነው።

ሆስፒታል ቢሆንስ? በጣሊያን ወረራ ዘመን አዲስ አበባ ላይ የተጀመረው አማኑኤል ሆስፒታል ለብዙ ዘመን የአገሪቱ ብቸኛ የአእምሮ ሕሙማን ሆስፒታል ነበር። ምን ሆነ መሰላችሁ? ስሙ ራሱ ስድብ ሆነ። ‹‹አማኑኤል ይውሰዱህ›› ይባላል። አማኑኤል እግዚአብሔር ከእኛ ጋር ነው ማለት ነበር፤ በሰው አፍ ግን ከእኛ የተለየ የሚላክበት ቦታ ሆነ። አዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ከቶሮንቶ ዩኒቨርሲቲ ጋር ተባብሮ በ1995 ዓ.ም. የአእምሮ ሕክምና ስፔሻሊቲ ትምህርት ሲጀምር 70 ሚሊዮን ለሚጠጋ ሕዝብ የነበሩት የአእምሮ ሐኪሞች 11 ነበሩ። ቃሉን የሚፈታ ባለሙያ ሳይኖር ሲቀር ሕዝቡ በራሱ ፈታው፤ ምንም አይገርምም።

ቡታጅራ የነገረን

በ1990ዎቹ ዓ.ም. መጀመሪያ በቡታጅራና አካባቢው ዕድሜያቸው ከ15 እስከ 49 የሆኑ ከ68 ሺህ በላይ ሰዎችን ቤት ለቤት የመረመረ ጥናት ተጀመረ። ፕሮፌሰር አታላይ ዓለምና ባልደረቦቻቸው ከዚያው ቀደም ብለው የአካባቢውን አዋቂ ሰዎች ጠይቀው ነበር፤ የአእምሮ ሕመምን በምን ታውቁታላችሁ ብለው። መልሱ ብዙ መለፍለፍ፣ ጠበኛነትና እንግዳ ጠባይ የሚል ነበር። ለአካል ሕመም ጤና ጣቢያ ይሻላል፣ ለአእምሮ ሕመም ግን የባህሉ መድኃኒት ይሻላል ብለዋል።

እዚህ ላይ ቃሉ ማንን እንደሚያስቀር እናያለን። ዝም ያለ ሰው እብድ አይባልም። ጥግ ይዞ የተቀመጠ፣ ምግብ የተወ፣ ዕንቅልፍ ያጣ፣ መሞት የሚመኝ ሰው ቤቱ ውስጥ ‹‹ከፍቶታል››፣ ‹‹ትካዜ ይዞታል›› ይባላል እንጂ በሽተኛ ነው ተብሎ የሚያመጣው የለም። እብደት የሚለው ቃል የሚጮኸውን ብቻ ያያል።

ሁለተኛው ከዚያ የባሰ ነው። በዚሁ አካባቢ ከባድ የአእምሮ ሕመም ያለባቸውን ሰዎች ለዐሥር ዓመት የተከታተለው ጥናት፣ ታማሚዎቹ ሊኖሩ ይገባቸው ከነበረው ዕድሜ ሠላሳ ዓመት ገደማ ቀድመው እንደሚሞቱ አሳይቷል። ከሞታቸው ምክንያቶች ግንባር ቀደሙ ተላላፊ በሽታ ነው። ማለትም እኔና እናንተ በየቀኑ የምናክመው በሽታ። ይህን ቁጥር መጀመሪያ ሳነብ የአእምሮ ሕክምና ጉዳይ መሆኑ ቀርቶ የውስጥ ደዌ ጉዳይ ሆነብኝ።

አንድ ምሳሌ ልስጥ። ከዓመታት በፊት በማልጠራው አንድ የጤና ተቋም ተረኛ ሳለሁ ከቆላ የመጣ የቀን ሠራተኛ ወጣት አገኘሁ። ሰሊጥ አጨዳ ሄዶ የተመለሰ ነው። እጁ በገመድ ታስሯል። ጓደኞቹ ‹‹አበደ›› ብለው አምጥተውት፣ የተቀበለው ባለሙያም ያንኑ ቃል ተቀብሎ ‹‹ረባሽ በሽተኛ›› ብሎ ጥግ አስተኝቶት ነበር፤ የሰውነት ሙቀቱ አልተለካም። ስነካው እንደ ምጣድ ይፋጃል። የደም ምርመራው ወባ አሳየ፤ ወደ አንጎል የወጣ ወባ ነበር። ሕክምናው ተጀመረለት፤ በሦስተኛው ቀን ስሙን ነገረን፣ ገመዱ ለምን እጁ ላይ ምልክት እንደተወም ጠየቀን። በዚያ ክፍል ውስጥ ክፉ ሰው አልነበረም። ቃሉ ከበሽተኛው ቀድሞ ስለገባ ብቻ ቴርሞሜትሩ ሳይወጣ ቀረ።

ትምህርት ቤታችን ከምን እንደተወለደ ታስታውሳላችሁ። በ1945 ዓ.ም. በደምቢያ የተነሣው የወባ ወረርሽኝ ሺዎችን ፈጅቶ ነበር፤ በ1947 ዓ.ም. ጎንደር ላይ የጤና ኮሌጁ የተከፈተው ያንን የመሰለ እልቂት እንዳይደገም ነው። ከወባ የተወለደ ትምህርት ቤት ልጅ ወባን በገመድ ታስሮ ሲያገኘው ሌላ ስም አይሰጠውም።

ቃሉን ምን እናድርገው?

አሁን አሁን ወጣቶች ቃሉን ገልብጠውታል። ‹‹ያበደ መኪና››፣ ‹‹ያበደ ሠርግ››፣ ‹‹ያበደ ቅናሽ›› ይላሉ፤ ከልክ ያለፈ፣ እጅግ ያማረ ማለታቸው ነው። ዋጋውም ‹‹አብዷል››። ቋንቋ ሕያው ነውና አልቆጣም፤ ልጆቼም ቤት ውስጥ ይሉታል። ለታመመው ሰው ግን ምንም አልቀለለለትም። መኪናው ሲያብድ ይደነቃል፤ ወንድማችን ሲያብድ በር ይዘጋል።

ቃሉን በሕግና በስብሰባ እናጥፋው የሚሉም አሉ። ‹የአእምሮ ሕመምተኛ› የሚለው ይሻላል፤ እኔም እሱን እጠቀማለሁ። ግን ታክሲ ውስጥ ጆሯችሁን ጣል አድርጉ፤ ሰው ሲጣላ ‹‹የአእምሮ በሽተኛ ነህ እንዴ?›› ማለት ከጀመረ ቆይቷል። ፍርዱ እስካልወጣ ድረስ በአዲሱ ስም ውስጥም ገብቶ ይቀመጣል። በቡታጅራ የታማሚ ቤተሰቦችን የጠየቀ ጥናት ከአራቱ ሦስቱ ያህሉ መገለል እንደሚሰማቸው አግኝቷል። እነዚህ ሰዎች የሚፈልጉት ያማረ ስም ብቻ አይመስለኝም።

ስለዚህ ለመምህራኖቻችንና በየአገሩ ለተበተናችሁ የትምህርት ቤት ጓደኞቼ የማቀርበው ሐሳብ ትንሽ ነው፤ ብር አይጠይቅም።

አንደኛ፣ ቤተሰብ የተናገረውን ቃል እንዳለ በአማርኛ ካርዱ ላይ እንጻፈው። ‹‹ወፈፍ ያደርጋታል›› እና ‹‹ጨርቋን ጣለች›› አንድ አይደሉም፤ የመጀመሪያው የሚመላለስ፣ ሁለተኛው የከፋ ሕመም እየነገረን ነው። ኦሮምኛ ተናጋሪው ‹መራታ›፣ ትግርኛ ተናጋሪው ‹ጽሉል› ካለ እሱም ይጻፍ። ተማሪዎቻችን በየቋንቋው የሚሰሙትን ቢሰበስቡ ከየትኛውም መማሪያ መጽሐፍ የማይገኝ መዝገበ ቃላት በአምስት ዓመት ይኖረናል።

ሁለተኛ፣ ‹‹አበደ›› የሚለውን ስንሰማ እንደ ምርመራ ውጤት ሳይሆን እንደ ምልክት እንቀበለው። ‹‹መቼ ጀመረው? ከዚያ በፊትስ እንዴት ነበር? ትኩሳት አለው? ምን ጠጣ? ምን ነከሰው? ከየት አገር መጣ?›› እነዚህ ስድስት ጥያቄዎችና አንድ ቴርሞሜትር ስንቱን ገመድ ይፈቱታል።

ሦስተኛ፣ የአእምሮ ሕመሙ የታወቀ ሰው ‹‹ደረቴን አመመኝ›› ሲል ደረቱን እናዳምጥ። ሠላሳ ዓመት ዕድሜ የሚጠፋው እዚህ ላይ ነው።

ለቤተሰብ የምንሰጠውን ቃል በተመለከተ እኔ ሩቅ አልሄድም። ቋንቋችን የፍርድ ሽታ የሌለው አንድ ቃል ድሮውኑ አለው። እናቶች ልጃቸውን ሲያመጡ፣ ጎረቤት ካልሰማቸው፣ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው የሚሉት እሱን ነው፤ ‹‹ልጄ ታመመብኝ››። እኛም ያንኑ ቃል መልሰን እንስጣቸው፤ ‹‹አዎ፣ እናቴ፣ ታሟል፤ እናክመዋለን››።